በረኪና ድንጋይ አያሟሟም

ስለ ሽንት ቤት መጻፍ ነውር ነው የሚሉ የሥነ ጽሑፍ ወዳጆች አሉ። ነውሩ ግን ሌላ ቦታ ነው። ከዳባት እስከ ደባርቅ፣ ሊማሊሞን ወርዶም እስከ ድብ ባሕር፣ እንግዳ በሚያርፍባቸው ቤቶች በሽንት ቤቱ ጎድጓዳ ሳህን ዙሪያ ቡናማ ቀለበት ተጣብቆ ያየ ሰው ስድቡን የሚያሳርፈው በጽዳት ሠራተኛዋ ላይ ነው። «ሰነፍ ናት» ይላል። ሰነፍስ አይደለችም፤ የተሳሳተው በእጇ የሰጧት ነገር ነው።

ያ ቀለበት እድፍ ሳይሆን ድንጋይ ነው። በስሜን ጥቁር ባዝልት ውስጥ ሰርጎ ያለፈ ውሃ ካልሲየምና ማግኒዥየም አሟሙቶ ይመጣል። ቧንቧው ለቀናት ሲጠፋ በሳህኑ የቆመው ውሃ ይተንናል፤ ማዕድኑ ግን አብሮ አይተንንም፤ እዚያው ይጋገራል። በማንቆርቆሪያችን ውስጥ የምናየው ነጭ ቅርፊት የዚሁ ወንድም ነው። ሽንት ቤት ውስጥ ግን ከሽንቱ የሚመጣው ፎስፌት ይጨመርበታል፤ ቅርፊቱም ይጠነክራል፣ መልኩም ይጠቁራል።

እንግዲህ በዚህ ድንጋይ ላይ በረኪና ማፍሰስ ምን ይፈይዳል? እንዲህ ያለውን ቅርፊት የሚያሟሟው አሲድ ነው፤ በረኪና ደግሞ የአሲድ ተቃራኒ ነው። ቀለሙን ያነጣል እንጂ ድንጋዩን አይነካም። ነጥቶ የዋለው ቀለበት ብዙ ሳይቆይ መልሶ ይጠቁራል፤ ስድቡም ይመለሳል። በሽቦ መፈግፈግማ የባሰ ነው፤ የሴራሚኩን ለስላሳ ልባስ ይቧጭራል፤ አዲሱ ቅርፊትም በጭረቱ ውስጥ ሥር ይሰዳል።

ከሁሉ የከፋው «አንዱ እንቢ ካለ ሁለቱን ቀላቅዪው» የሚለው ትእዛዝ ነው። በረኪናና አሲድ ሲገናኙ ክሎሪን ጋዝ ይወጣል፤ ጀርመኖች በ1915 እ.ኤ.አ. በኢፕር ግንባር በጠላቶቻቸው ላይ የለቀቁት እሱን ነው። መስኮት በሌላት ጠባብ ክፍል ተንበርክካ የምታስል ሴት ግን በየትኛውም የጦርነት ታሪክ አትቆጠርም።

መድኃኒቱ ወጥ ቤት ውስጥ አለ፤ አቸቶ። አስቀድሞ የቀረው በረኪና በብዙ ውሃ ታጥቦ ይውጣ። ከዚያ በሳህኑ የቆመው ውሃ በብሩሽ ተገፍቶ ይውረድ፤ አለዚያ አቸቶውን ያቀጥነዋል። ከውሃው መስመር በላይ ላለው ቅርፊት አቸቶ የጠጣ ጨርቅ ለጥፎ ማሳደር ነው። አረፋ ሲያወጣ ኖራው መሟሟት ጀምሯል ማለት ነው። ጠዋት በፕላስቲክ ብሩሽ ይታሻል፤ የዓመታት ክምችት ከሆነ ሦስት አራት ሌሊት ይፈልጋል። የሎሚ ጭማቂም ይሠራል። የደባርቅ ብርድ ሥራውን ስለሚያዘገየው አቸቶውን ለብ ማድረግ ይበጃል፤ የፈላ ግን ቀዝቃዛውን ሴራሚክ ሊሰነጥቀው ይችላል።

የእንግዳ ማረፊያ ባለቤት ሆይ፣ ነገ ገበያ ስትወጣ በበረኪናው ፋንታ አቸቶ ግዛላት፤ ጓንትም አትርሳ።