አሥር ቀን ብቻ

ልጃችሁ፣ ወንድማችሁ ወይም ባለቤታችሁ አሜሪካ ውስጥ በፌዴራል እስር ቤት ካለ፣ ይህን ጽሑፍ ለጊዜው አስቀምጡትና ኢሜይላችሁን ክፈቱ። ስፓም የሚባለውን ክፍልም እዩት። ኮርሊንክስ ከሚባል አገልግሎት በእንግሊዝኛ የመጣ አጭር መልእክት ተኝቶ ይሆናል። ማስታወቂያ ስለሚመስል ብዙ ሰው ሳያነበው ያጠፋዋል። ያ መልእክት ግን ውስጥ ያለው ልጃችሁ አድራሻችሁን ሰጥቶ «ከእናቴ ጋር መጻጻፍ እፈልጋለሁ» ብሎ ያመለከተበት ነው። በውስጡ የመለያ ኮድ አለ። ኮዱን አስገብታችሁ በአሥር ቀን ውስጥ ካልተቀበላችሁ ይሻራል፤ ልጁም እንደገና ከሀ ጀምሮ ማመልከት ይኖርበታል። ለምን መልስ እንዳጣ የሚነግረው ሰው ካላገኘ ደግሞ አያመለክትም። ጀርባችሁን የሰጣችሁት ይመስለዋል።

ይህን የምጽፈው ደጋግሜ ስላየሁት ነው። የእንግሊዝኛ ቅጽ የሚያስቸግራቸው ሰዎች ሲጠሩኝ ሄጄ እሞላላቸዋለሁ። አንድ ቅዳሜ ሜሪላንድ፣ ሲልቨር ስፕሪንግ ውስጥ አንዲት እናት ቤት ሄድኩ። ልጃቸው ከተፈረደበት ሁለተኛ ወሩ ነው። ቡናው ቀርቧል፤ እሳቸው ግን ስኒያቸውን አልነኩትም። ስልካቸውን ሰጡኝ። መልእክቱ ከሱፐርማርኬት ቅናሽና ከባንክ ማስታወቂያ ሥር ተቀብሮ አገኘሁት። የመጣበትን ቀን ቆጠርን፤ ሃያ ሦስት ቀን ሆኖታል። እናትየው ስልኩን ተቀብለው መስታወቱን በነጠላቸው ጫፍ ጠረጉትና «ታዲያ ይሄን ሁሉ ቀን እኔን ሲጠብቅ ነበር?» አሉ። ምን ብዬ እንደምመልስላቸው ጠፋኝ።

ይህ በዋሽንግተን ዲሲ ዙሪያ ላለው ወገናችን የሩቅ ወሬ አይደለም። ሎርተን፣ ቨርጂኒያ የነበረው እስር ቤት እ.አ.አ. በ2001 ከተዘጋ ወዲህ ዲሲ በከባድ ወንጀል ለተፈረደባቸው ሰዎች የራሷ እስር ቤት የላትም። እንዲህ ያለ የዲሲ ፍርደኛ ወደ ፌዴራል እስር ቤት ይላካል፤ የሚመደብበት ቦታ ደግሞ ብዙ ስቴቶችን አቋርጦ ሊሆን ይችላል። ማርታ ራይት የተባሉ የዲሲ አያት ዓይናቸው አያይም ነበር፤ የልጅ ልጃቸው ከስቴት ወደ ስቴት ሲዘዋወር የቀራቸው ስልክ ብቻ ነበር። የስልኩ ዋጋ ከአቅማቸው በላይ ሲሆን ተሟገቱ፤ አቤቱታቸው በ2003 የፌዴራሉ የመገናኛ ኮሚሽን ደረሰ። በስማቸው የተጠራው ሕግ የተፈረመው በጃንዋሪ 2023፣ እሳቸው ካረፉ ከዓመታት በኋላ ነው። የእሳቸው ትግል የዋጋ ነበር። ዛሬ የእኛን ሰው በር ላይ የሚያስቀረው ግን ከዋጋው በፊት የሚመጣው ጥያቄ ነው፤ «ማን ነህ? አረጋግጥ።»

እዚህ ላይ ነው የእኛ ስም ጣጣ የሚመጣው።

በካውንቲ ጄሎችና በብዙ ስቴቶች መልእክቱን፣ ስልኩንና የቪዲዮ ጉብኝቱን የሚያስተናግዱት እንደ ሴኪውረስና ቪያፓዝ ያሉ የግል ኩባንያዎች ናቸው። ለቪዲዮ ጉብኝት ብዙውን ጊዜ የመታወቂያችሁን ፎቶና የፊታችሁን ፎቶ ይጠይቃሉ። ሁለቱ ፎቶዎች፣ የሞላችሁት ስምና እስረኛው ያስመዘገበው ስም መግጠም አለባቸው። አንድ ሰው ወንድሙን ለማየት ሦስት ጊዜ አመልክቶ ሦስቴ ተመልሶበት አገኘሁት። መንጃ ፈቃዱን ተቀብዬ ከቅጹ ጎን አስቀመጥኩት። መንጃ ፈቃዱ ላይ «ገብረ» እና «ጊዮርጊስ» ተለያይተው ተጽፈዋል፤ ቅጹ ላይ አንድ ላይ ገጥሞ ጽፏቸዋል። ወንድሙ ደግሞ ውስጥ ሆኖ ያስመዘገበው «ገብሬ» ብሎ ነው፤ ቤት ውስጥ የሚጠሩት በዚያ ስለሆነ። ለእኛ ያው አንድ ሰው ነው። ለኮምፒውተሩ ሦስት ሰዎች ናቸው።

እስቲ የራሳችሁን አስቡት። ፀሐይን በላቲን ፊደል ስንት ዓይነት እንጽፋታለን? ኃይለ ሥላሴን፣ ወልደ ሚካኤልን? ፓስፖርታችን የአያትን ስም በቤተሰብ ስም ቦታ ያስቀምጣል፤ መንጃ ፈቃዱ ላይ ግን ቸኩሎ የሞላው ሰው የአባትን ስም አስገብቶ ሊሆን ይችላል። እናት በአባቷ ስም ትጠራለች፣ ልጅ በአባቱ። ባልና ሚስትም የየራሳቸውን ስም ይዘው ነው የሚኖሩት። ይህ የአገራችን ወግ ነው፤ የምናፍርበትም የምንለውጠውም ነገር የለም። ቅጹን የሚመረምረው ሠራተኛ ግን ይህን አያውቅም። ስማችሁ ከልጃችሁ ስም ጋር ስለማይገጥም ዝምድናችሁን ከተጠራጠረ የልደት ወይም የጋብቻ ማስረጃችሁን ከተረጋገጠ ትርጉም ጋር ይዛችሁ ጠብቁት። የልደት ቀንም እንዲሁ ነው። በስደተኛ ካምፕ በኩል የመጣ ሰው ወረቀቱ ላይ ጃንዋሪ 1 የተባለለት ብዙ ነው፤ የኢትዮጵያን ዘመን ሳይለውጥ ያስገባም አለ። ትክክለኛው ቀን ሌላ መሆኑን ብታውቁም፣ ቅጹ ላይ የምትጽፉት መታወቂያው ላይ ያለውን ነው።

ስለዚህ የመጀመሪያው ስልክ ሲደወልላችሁ፣ ከለቅሶው በፊት፣ መታወቂያችሁን አውጥታችሁ ስማችሁን ፊደል በፊደል አስጽፉት። ሙሉ ስም፣ የልደት ቀን፣ አድራሻ፣ ኢሜይል። በወረቀት ጽፋችሁ ስልኩ አጠገብ ለጥፉት፤ ጥሪው በድንገት ነው የሚመጣው፣ ደቂቃውም ያልቃል። መታወቂያውን ፎቶ ስታነሱ ጠቆር ባለ ጨርቅ ላይ አስተኝታችሁ፣ ፍላሹን አጥፍታችሁ፣ አራቱም ጠርዝ እንዲታይ አድርጉ። ቢመለስባችሁ በሌላ ኢሜይል ሁለተኛ አካውንት ለመክፈት አትሩጡ፤ ስማችሁ ሁለት ቦታ በሁለት ዓይነት ሲገኝ ጥርጣሬ ነው የሚያመጣው። የተመለሰበትን ምክንያት ጠይቁና ያንኑ አስተካክሉ።

የታሰረው በአይስ፣ ማለትም በኢሚግሬሽን ከሆነ፣ የስሙ ነገር ከዚህም ይከፋል። የት እንዳለ የሚፈለግበት የመንግሥት ድረ ገጽ በስም ሲፈለግ አንድ ፊደል እንኳ ቢዛነፍ «የለም» ይላል። ስንቱ ቤተሰብ «የለም» የሚለውን አንብቦ አገር ቤት የላኩት መስሎት አልቅሷል! በኢሚግሬሽን መለያ ቁጥሩ፣ በኤ ነምበሩ፣ ፈልጉ። ዘጠኝ አሃዝ ነው፤ ካነሰ ከፊት ዜሮ ጨምሩ፤ የትውልድ አገሩንም ምረጡ። ዛሬ ማንም ሳይታሰር፣ የቤተሰባችሁን ሁሉ ኤ ነምበር በአንድ ወረቀት ላይ ጻፉና የምታምኑት ሰው ዘንድ አስቀምጡ። ይህን አንድ ነገር ብቻ ብታደርጉ እንኳ ጽሑፌ ሥራውን ሠርቷል።

አሁን ደግሞ አጥብቄ የምለምናችሁ ነገር አለ። መታወቂያ አትዋሱ፤ አታውሱ። እናት ቅጹ ሲከብዳት የእህቷ ልጅ በራሷ መታወቂያ ትከፍትላታለች፤ ለጊዜው ይሠራል። ቪዲዮው ሲከፈት ግን የተመዘገበው ፊት ሌላ፣ የተቀመጠው ፊት ሌላ ነው። መስመሩ ይቋረጣል፤ ሁለቱም ሊታገዱ ይችላሉ። ይህ ከደግነት የሚመጣ ስህተት ስለሆነ ነው ይበልጥ የሚያሳዝነኝ። የስልኩም እንዲሁ ነው። አዲስ አበባ ያሉት አባት የልጃቸውን ድምፅ መስማት ይፈልጋሉ፤ እህት በዋትስአፕ ደውላ ሁለቱን ስልኮች አፍ ለአፍ ትገጥማለች፣ ወይም ጥሪውን ታዋህዳለች። ሦስተኛ ሰው በጥሪ ማስገባት የተከለከለ ነው፤ የሚለይ ሶፍትዌርም አላቸው። በፌዴራል እስር ቤት ቅጣቱ የሚያርፈው በእናንተ ሳይሆን በታሰረው ሰው ላይ ነው፤ የስልክ መብቱን ሊያጣ ይችላል። ለአባት የልጃቸውን መልእክት አንብቡላቸው።

መታወቂያችሁን ከሰጣችሁ በኋላ የት እንደሚደርስም እወቁ። በኦገስት 2020፣ ዛሬ ቪያፓዝ የሚባለው፣ ያኔ ግሎባል ቴል ሊንክ ይባል የነበረው ኩባንያ ወደ 650,000 የሚጠጉ ተጠቃሚዎችን መረጃ በቂ ጥበቃ በሌለው ቦታ በማስቀመጡ መረጃው ሌቦች እጅ ገባ። ከወጣው ውስጥ የመንጃ ፈቃድና የፓስፖርት ቁጥር፣ ሶሻል ሴኩሪቲ፣ ሰዎች የተጻጻፉት መልእክት ሳይቀር ነበረበት። በኖቬምበር 2023 የፌዴራል የንግድ ኮሚሽን ይፋ እንዳደረገው፣ ኩባንያው ከዘጠኝ ወር ገደማ በኋላ ያሳወቀው ለ45,000 ያህል ሰዎች ብቻ ነው። እነዚያ ሰዎች ቁጥራቸውን የሰጡት የልጃቸውን ድምፅ ለመስማት ነበር። የተጠየቃችሁትን ብቻ ስጡ። የይለፍ ቃሉ ለባንካችሁ የምትጠቀሙበት አይሁን። የብድር መዝገባችሁን ማሳገድ በአሜሪካ በነፃ ነው፤ አሳግዱት።

የመኖሪያ ወረቀት የሌለው ሰው ግን ፎቶውንና አድራሻውን ከመላኩ በፊት ጠበቃ ያማክር። በ2018 እንደተጋለጠው፣ ሴኪውረስ ለፖሊሶች በሰጠው አገልግሎት አንድ የሚዙሪ ሸሪፍ ያለ ፍርድ ቤት ትእዛዝ የሰዎችን ስልክ መገኛ ሲከታተል ነበር። ለእስር ቤት የተሠራ ነገር ውጭ ያለውንም ሰው ያያል። ንግግሩም ይቀዳል፣ መልእክቱም ይነበባል። የጥገኝነት ታሪክን፣ የጉዳዩን ዝርዝር፣ የማን ወረቀት እንዳለቀበት በዚያ መስመር አታንሱ። በኮርሊንክስ ለጠበቃ የሚጻፍም ቢሆን ሚስጥሩ አይጠበቅም፤ ያን ጠበቃው በአካል ወይም ባልተቀዳ መስመር ይጨርሰው።

አጭበርባሪዎችም ይህን በር አግኝተውታል። ፍለጋ ላይ መጀመሪያ የሚወጣው «የደንበኞች አገልግሎት» ስልክ ሐሰተኛ ሊሆን ይችላል። አድራሻውን ከእስር ቤቱ ከራሱ ድረ ገጽ ውሰዱ። በጊፍት ካርድ ክፈሉ ያላችሁ፣ ስልካችሁ ላይ የመጣውን ኮድ አንብቡልኝ ያላችሁ ሁሉ ሌባ ነው፤ በአማርኛ ቢያናግራችሁም።

የሲልቨር ስፕሪንጓ እናት ልጃቸው እስኪደውል አራት ቀን ጠበቁ። ሲደውል እኔ አልነበርኩም። ግድግዳ ላይ የለጠፍንላቸውን ወረቀት እያዩ ኢሜይላቸውን ፊደል በፊደል፣ ሁለት ጊዜ አንብበውለታል። አዲሱ ኮድ ሲመጣ ሌሊት ስድስት ሰዓት ላይ ደወሉልኝ፤ «ቀኑ ከዛሬ ይቆጠራል ወይስ ከነገ?» ብለው። ያኔውኑ በስልክ እየነገርኳቸው ሞሉት። በአንድ መልእክት እስከ 13,000 ፊደልና ምልክት መጻፍ ይቻላል። የመጀመሪያ መልእክታቸውን ሲልኩ አንድ መስመር ብቻ ነበር፤ ብርድ ልብስ ሰጥተውህ እንደሆነ ንገረኝ የሚል።