የመጀመሪያውን ዋንጫ የወሰደው ቡድን

ለገሃር ማለት በፈረንሳይኛ ባቡር ጣቢያው ማለት ነው። ከቀድሞው ባቡር ጣቢያ ተነስታችሁ ወደ መስቀል አደባባይ ጥቂት ብትራመዱ አዲስ አበባ ስታዲየምን ታገኛላችሁ። ኢትዮጵያ ጥር 13 ቀን 1954 ዓ.ም. ግብፅን 4 ለ 2 አሸንፋ የአፍሪካን ዋንጫ ያነሳችው እዚህ ነው። ይህን ብዙ ሰው ያውቃል። የአገራችንን የመጀመሪያ የክለቦች ዋንጫ ማን ወሰደ ቢባል ግን የሚመልስ ጥቂት ነው።

ነገሩ እንዲህ ነው። በ1936 ዓ.ም. አምስት የእግር ኳስ ቡድኖች አዲስ አበባ ውስጥ ተወዳደሩ። አራራት የአርመኖች ነበር። ኦሎምፒያኮስ የግሪኮች ነበር። ፎርቲቱዶ የጣሊያኖች ነበር። አራተኛው የእንግሊዝ ወታደራዊ ሚሲዮን ቡድን ነው። የኢትዮጵያውያን ቡድን አንድ ብቻ ነበር፤ እሱም ቅዱስ ጊዮርጊስ ነው።

ዋንጫውን የወሰዱት እንግሊዞቹ ናቸው። ከዚያ በኋላ ግን ስማቸው ከአሸናፊዎች ዝርዝር ውስጥ አልተገኘም።

ለምን ጠፉ? ተጫዋቾቹ ወታደሮች ነበሩ። የመጡት የኢትዮጵያን ጦር ለማሠልጠን ነው። እንጀራቸው ውትድርና እንጂ ኳስ አልነበረም። ሚሲዮኑ በ1943 ዓ.ም. ሥራውን ጨርሶ ወጣ። ቡድኑ ሰፈር አልነበረውም። ኳሱን ተቀብለው የሚቀጥሉ የሰፈር ልጆችም አልነበሩትም።

ቅዱስ ጊዮርጊስስ? በ1928 ዓ.ም. አየለ አትናሽና ጆርጅ ዱካስ አራዳ ላይ መሠረቱት። ወዲያው ጠላት ገባ። ፋሺስቶች ስሙን ለውጠው «ሊቶሪዮ ውቤ ሰፈር» አሉት። ስም ቢለወጥም ልጆቹ የሰፈሩ ልጆች ናቸውና መጫወታቸውን አልተዉም። ከነፃነት በኋላ ቡድኑ ስሙን መለሰ። በመጀመሪያው ውድድር ዋንጫ ባያገኝም አልተበተነም። በ1942 ዓ.ም. የኢትዮጵያ ሻምፒዮን ሆነ። ዛሬ በአገራችን ብዙ ጊዜ ሻምፒዮን በመሆን የሚስተካከለው ክለብ የለም።

እንግዲህ ቡድንን የሚያቆየው ዋንጫ ብቻ አይደለም፤ የኔ ነው የሚለው ሰው ነው። የእንግሊዞቹን ቡድን ዛሬ ልናነሳው የቻልነውም አንድ ሰው ስሙን ስለ ጻፈው ነው።

በእናንተስ ሰፈር ድሮ የነበረ፣ ዛሬ የሌለ ቡድን አለ? ሽማግሌዎችን ጠይቁ። የቡድኑን ስም፣ የተጫዋቾቹን ስምና ዓመተ ምሕረቱን በደብተራችሁ ጻፉ።

አዲስ ቃል፦ ሚሲዮን — ለአንድ ሥራ ወደ ሌላ አገር የሚላኩ ሰዎች ስብስብ።