ለሌለ አገር ቀን መቁጠር ሥራ ፈትነት ነውን?

አንዳንድ ወገኖች «በሌለ ዓለም ላይ የዘመን አቆጣጠር መፍጠር የሥራ ፈት ጨዋታ ነው» ይላሉ። አጥብቀን እንቃወማለን!

እንግሊዛዊው ደራሲ ቶልኪን በ1955 እ.ኤ.አ. በታተመው «የቀለበቶች ጌታ» ሦስተኛ ቅጽ፣ ሆቢት ለተባሉት አጫጭር ሰዎቹ ሙሉ የቀን መቁጠሪያ አውጥቷል። ወሩ 12፣ እያንዳንዱም 30 ቀን፤ ትርፉ 5 ቀን፣ አንዳንድ ዓመት 6። ጳጉሜን ለሚያውቅ አንባቢ ይህ እንግዳ አይደለም። ቶልኪን ግን ትርፎቹን ቀናት ለሁለት ከፍሎ በዓመቱ መለወጫና በዓመቱ እኩሌታ አስቀመጣቸው፤ የሕዝቡም ዋና በዓላት አደረጋቸው።

የፈረንሳይ አብዮተኞች በ1793 እ.ኤ.አ. ያወጡት አቆጣጠርም ባለ 30 ቀን 12 ወር ነበረው። ሳምንቱን ግን 10 ቀን አደረጉት። በ7 ቀን አንዴ ያርፍ የነበረው ሠራተኛ በ10 ቀን አንዴ እንዲያርፍ ተፈረደበት! አቆጣጠሩም ከ1806 እ.ኤ.አ. መባቻ ጀምሮ ተሻረ።

እንግዲህ የቀን መቁጠሪያ ማን እንደሚሠራ፣ ማን እንደሚያርፍ፣ ማንስ እንደሚያዝ ይናገራል። ወጣት ደራስያን ሆይ! ለወራት እንግዳ ስም መደርደር አይበቃም፤ የፈጠራችሁት ሕዝብ መቼ እንደሚያርፍ ንገሩን። ቀኑን ከራሽን እስከ ራሽን የሚቆጥር ስደተኛ ይህን ካልተረዳ፣ ማን ሊረዳው ነው?