በሰው ወርቅ አይደምቁ፣ በሰው ሳተላይት አይዋጉ!

“የኤች ኤፍ ሬዲዮ ዘመን አበቃ፤ አሁን ሁሉም ነገር በሳተላይት ነው” የሚሉ አዋቂ ነን ባዮች በዝተዋል። ለመሆኑ እነዚህ ሰዎች ሳተላይቱ የማን እንደሆነ ጠይቀው ያውቃሉ? እኔ ግን እጠይቃለሁ። የጦር ሠራዊት መገናኛ የፋሽን ጉዳይ አይደለም፤ የወታደር ነፍስ ጉዳይ ነው!

እስቲ በዓይናችን ካየነው እንነሳ። እ.ኤ.አ. ፌብሩዋሪ 24 ቀን 2022፣ ሩሲያ ዩክሬንን ልትወር አንድ ሰዓት ገደማ ሲቀራት፣ ቪያሳት የተባለው የአሜሪካ ኩባንያ የካ-ሳት አገልግሎት በኮምፒዩተር ሰርጎ ገቦች ተመታ። ሮኬት አልተተኮሰም፤ ሳተላይቱም ከሰማይ አልወደቀም። መሬት ላይ ያሉት ሞደሞች ናቸው ድንገት በድን ሆነው የቀሩት። በዩክሬን ብዙ ሺህ፣ በተቀረው አውሮፓ በአሥር ሺዎች የሚቆጠሩ ደንበኞች ከመስመር ወጡ። በጀርመን እንኳ 5,800 ያህል የነፋስ ኃይል ማመንጫዎችን ከርቀት መቆጣጠር አልተቻለም። እ.ኤ.አ. ጁላይ 24 ቀን 2025 ደግሞ ስታርሊንክ ማንም ሳይመታው፣ በራሱ የሶፍትዌር ችግር ለሁለት ሰዓት ተኩል ያህል ጠፋ፤ የዩክሬን ግንባርም አብሮ ጨለመበት። ታዲያ ጠላት በዚያች ሁለት ሰዓት ተኩል ቡና እየጠጣ ይጠብቃል?

ኤች ኤፍ ማለት ከ3 እስከ 30 ሜጋ ኸርዝ ያለው አጭር ሞገድ ነው። ወደ ላይ ይወጣል፤ አዮኖስፌር ከሚባለው የከባቢ አየር ክፍል ተመልሶ በሺህ የሚቆጠር ኪሎ ሜትር ርቆ ይወርዳል። ለዚያ ሰማይ ኪራይ የሚጠይቅ ኩባንያ የለም። አንቴናው እንደሚገባ ከተዘረጋ ደግሞ ሞገዱ ሽቅብ ተወርውሮ ቁልቁል ስለሚመለስ፣ ጋራ የጋረደው ሌላ ሬዲዮ ዝም በሚልበት ሸለቆ ውስጥ ኤች ኤፍ ይናገራል። እንደኛ ገደልና ተራራ በበዛበት አገር ይህን የሚንቅ ሰው ካርታ አይቶ ያውቃል?

ፈረንጆቹ አልናቁትም። አሜሪካኖች እ.ኤ.አ. ከ1943 እስከ 1977 አስመራ ቃኘው ጣቢያ ላይ አንቴና ተክለው የኖሩት ለአየሩ ውበት ነበር እንዴ? ከ2,300 ሜትር በላይ የሆነ ከፍታና ለምድር ወገብ መቅረብ ለሬዲዮ ምን ማለት እንደሆነ ስለገባቸው ነው እንጂ!

“ይጠለፋል፣ ይንጫጫል፣ ቀርፋፋ ነው” ይሉኛል። እውነት ነው፤ እንደ ሳተላይት ቪዲዮ አያንቆረቁርም፤ ቀንና ሌሊት ሞገድ መቀያየር ይጠይቃል፤ ፀሐይ ስትቆጣም ይታፈናል። የሩሲያ ወታደሮች በ2022 ያለ ምስጢር ኮድ ሲያወሩ የሬዲዮ አማተሮች ሳይቀሩ በኢንተርኔት ያዳምጧቸው ነበር። ግን ጎበዝ! ደጁን ክፍት ትቶ የተኛ ሰው ቢዘረፍ ጥፋቱ የበሩ ነው? ቁልፍ መግጠምና ኦፕሬተር ማሠልጠን የማን ሥራ ነው?

ሳተላይት ይቅር አላልኩም፤ ያለው ይጠቀምበት። ሳተላይት አገኘሁ ብሎ ኤች ኤፉን መጋዘን የሚወረውር ግን ቆጥ አወርድ ብላ የብብቷን እንደጣለችው ነው። ሬዲዮ በገንዘብ ይገዛል። ሞገዱን በጆሮው የሚለይ ኦፕሬተር ግን ጦርነት በተጀመረ ማግስት ከገበያ አይሸመትም።

ዛሬ ሬዲዮውን እንደ አሮጌ ዕቃ የሚያስጥል አለቃ፣ ነገ መስመር ሲቆረጥ “ተከበናል፣ ድረሱልን!” የሚለውን ድምፅ አይሰማም። ያን ቀን በማን ሊያሳብብ ነው?