ላም አለኝ በሰማይ

ክቡር አዘጋጅ ሆይ፤

በጥቅምት 1991 ዓ.ም. በኢትዮጵያ የተወለዱት አቶ ኖህ ሳማራ ያቋቋሙት ወርልድስፔስ የተባለው ኩባንያ አፍሪስታር የተሰኘችውን ሳተላይት ወደ ጠፈር ባመጠቀ ጊዜ፥ የትምህርትና የጤና ምክር ከሰማይ በቀጥታ ለአፍሪካ ገጠር ሊደርስ ነው ተብሎ ብዙ ተስፋ ተጥሎበት ነበር። ነገር ግን በ10 ዓመቱ፥ በጥቅምት 2001 ዓ.ም.፥ ኩባንያው ዕዳውን መክፈል ተስኖት በአሜሪካ ፍርድ ቤት የኪሣራ ማመልከቻ አስገባ።

በእኔ አስተያየት ጉድለቱ የሳተላይቷ አይደለም። ከሰማይ የሚመጣውን ድምፅ የሚፈታው ልዩ ቺፕ ያለበት ራዲዮ ብቻ ስለ ነበረ፥ ተራው ራዲዮ አይቀበለውም፤ የልዩው ራዲዮ ዋጋ ደግሞ ከተራው ብዙ እጥፍ ነበር። ኋላም ኩባንያው ገቢ ፍለጋ ፊቱን መክፈል ወደሚችለው አድማጭ አዞረ። ድኻው ቀረ።

እኔ የምሠራው በወረታ ነው። ርብና ጉማራ በ1998 ዓ.ም. ክረምት እንዳደረጉት ሞልተው የፎገራን ሜዳ ሲያጥለቀልቁ፥ ሩዝ የዘራው ገበሬ ማስጠንቀቂያ የሚሰማው በእጁ ባለው መሣሪያ እንጂ ሊገዛው በማይችለው አይደለም።

ስለዚህ እኛ የመንግሥት ሠራተኞች ለገጠር አዲስ መሣሪያ ስናቅድ፥ «ገበሬው ሊገዛው ይችላልን? ሻጩ ኩባንያ ቢወድቅስ መሥራቱን ይቀጥላልን?» ብለን አስቀድመን እንጠይቅ። አለዚያ በከብቱ የታወቀው የፎገራ ሰው፥ «ላም አለኝ በሰማይ፥ ወተቷንም አላይ» ብሎ ይተርትብናል።

አክባሪዎ፤
አንድ የመንግሥት ሠራተኛ
ከወረታ