«ቢሻኑ ይተናል» ያለው ልጅና ሩት ነጋ



ለማስተማር ልምምድ በወጣሁበት ትምህርት ቤት የደረሰብኝን፣ ይልቁንም ያደረስኩትን ነገር ሳልደብቅ ልንገራችሁ። በሳይንስ ክፍለ ጊዜ «ውሃ በጣም ሲሞቅ ምን ይሆናል?» ብዬ ጠየቅሁ። ከኋላ የተቀመጠ ልጅ እጁን አውጥቶ «ቢሻኑ ይተናል» አለ። ልጆቹ በሳቅ አውካኩ። እኔም «በአማርኛ ተናገር እንጂ!» ብዬ አስቀመጥኩት። መልሱ ግን ልክ ነበር እኮ! ልጁ ልምምዴን እስክጨርስ ድረስ ዳግመኛ እጁን አላወጣም።

ይህ ነገር ከአንዲት የፊልም ተዋናይት ጋር ምን ያገናኘዋል ትሉ ይሆናል። ታገሡኝ።

ሩት ነጋ የተወለደችው አዲስ አበባ ነው። አባቷ ኢትዮጵያዊ ሐኪም፣ እናቷ አየርላንዳዊት ናቸው። በአራት ዓመቷ ወደ አየርላንድ ሄዳ ሊምሪክ አደገች፤ ሰባት ዓመት ሲሆናት አባቷ በመኪና አደጋ ሞቱ። ሁለተኛ ደረጃን ለንደን፣ ትወናን ደብሊን ትሪኒቲ ኮሌጅ ተማረች። እንግዲህ የየት ልጅ ትባል?

ዝናው በአንድ ቀን አልመጣም። እ.ኤ.አ. በ2005 «ብሬክፋስት ኦን ፕሉቶ» በተባለው ፊልም ከታየች በኋላ በመድረክና በቴሌቪዥን ብዙ ዓመት ደከመች። እ.ኤ.አ. በ2016 «ላቪንግ» በተባለው ፊልም ሚልድረድ ላቪንግን ሆና ተጫወተች። ሚልድረድ ነጭ በማግባቷ በቨርጂኒያ የተፈረደባት፣ እ.ኤ.አ. በ1967 ግን የአሜሪካ ጠቅላይ ፍርድ ቤት እንዲህ ያለውን ሕግ የሻረላት ሴት ናት። በዚህ ሥራ ሩት ለ2017 ኦስካር በምርጥ ተዋናይትነት ታጨች። በ2018 ደግሞ ደብሊን ውስጥ ወንዱን ሐምሌትን ሆና መድረክ ላይ ወጣች።

ያኔ ብዙዎቻችን «የኛ ልጅ!» አልን። በበኩሌ ይህ ኩራት ትንሽ ያሳፍረኛል። በሁለት አገር መካከል ያደገችውን ባሕር ማዶ እያጨበጨብን፣ በሁለት ቋንቋ መካከል የሚያድገውን እዚሁ ከሚሴ ክፍላችን ውስጥ እናሸማቅቃለን። ሰኞ ባቲ ገበያ ውረዱ፤ በአማርኛ ጀምሮ በአፋን ኦሮሞ ተከራክሮ በአፋርኛ የሚሸጥ ነጋዴ ታገኛላችሁ። ማን ይስቅበታል? ገበያው ሀብት ያለውን ክፍላችን ጉድለት ይለዋል።

«ታዲያ ልጁ ቋንቋ ሲያደባልቅ ዝም እንበል?» የሚል መምህር ይኖራል። ጥያቄው ተገቢ ነው። ዝም አይባልም፤ ቋንቋን አጥርቶ መናገር መማር አለበት። ሩትም ብትሆን ትወናን ተምራ እንጂ እንዲሁ አልበቃችም። ነገር ግን ቅደም ተከተል አለው፦ መጀመሪያ «ጎበዝ፣ ልክ ነህ»፤ ቀጥሎ «ቢሻን በአማርኛ ማን ይባላል?» ብሎ ክፍሉን መጠየቅ። ያን ጊዜ የሚስቀውም ልጅ አንድ ቃል ይማራል።

እጩ መምህራን ጓደኞቼ! ከመካከላችን ማን የማንን ተስፋ እንደሚይዝ አናውቅም። እኔ ያን እጅ አስወርጄአለሁ። እናንተ አታስወርዱ።

ከአንድ እጩ መምህር