ክስን ማንሳት ዕዳን መተው እንዳይሆን

ሸቀጥ በዱቤ ይሰጣል፤ ቀኑ ያልፋል፤ ክስ ይከፈታል። ከዚያ ሽማግሌ ይገባል። «ክሱን አንሳለት፤ በሁለት ወር ውስጥ ይከፍልሃል» ይባላል። ከሳሽ ችሎት ቀርቦ «ክሴን አንስቻለሁ» ይላል፤ መዝገቡ ይዘጋል። ሁለቱ ወር ያልቃል፤ ገንዘቡ ግን የለም። ነጋዴው ተመልሶ ሲከስ ባለዕዳው «ይህ ጉዳይ አንድ ጊዜ ተትቷል» የሚል መቃወሚያ ይዞ ይጠብቀዋል።

ይህ የዳኛ ጭካኔ አይደለም። የ1958 ዓ.ም. የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ በቁጥር 278 እና 279 ነገሩን ለይቶ አስቀምጦታል። ከሳሽ ክሱን መተው ይችላል። በዚያው ጉዳይ እንደገና መክሰስ የሚችለው ግን ሲተው ፍርድ ቤቱን አስፈቅዶ ከሆነ ነው። ሳያስፈቅድ የተወ ሰው ወጪና ኪሳራ ሊጠየቅ ይችላል፤ የመክሰስ መብቱም ይቀርበታል።

ፈቃዱም እንዲሁ አይገኝም። ክሱ በፎርም ጉድለት የሚወድቅ መሆኑ ወይም ሌላ በቂ ምክንያት መኖሩ መታየት አለበት። ማኅበሩ መከሰስ ሲገባው ሥራ አስኪያጁ በግሉ ተከሶ እንደሆነ ይህን ገልጾ ማመልከት ይቻላል። «መብቴ ተጠብቆ» የሚለው ቃል በማመልከቻው ላይ መጻፉ ብቻ አይበቃም፤ በትእዛዙ ላይ መስፈር አለበት።

ሕጉ ለከሳሽ ከብዷል የሚሉ አሉ። ሆኖም ተከሳሹም ጠበቃ ቀጥሯል፤ ሱቁን ዘግቶ ተመላልሷል። ባሻው ጊዜ የሚከስ፣ ባሻው ጊዜ የሚተው ከሳሽ መጫወቻ ሊያደርገው አይገባም።

ከሁሉም የሚብሰው ይርጋው ነው። ፈቃድ ያገኘ ከሳሽም ቢሆን ይርጋው የሚቆጠርበት የመጀመሪያው ክስ እንዳልነበረ ሆኖ ነው። የውል ጥያቄ በመሠረቱ 10 ዓመት ስላለው ለዱቤው ነጋዴ ጊዜ ይተርፈው ይሆናል። የመድን ጥያቄ ግን 2 ዓመት ብቻ ነው። መኪናው የተቃጠለበት ሰው በ20ኛው ወር ከሶ፣ ከ8 ወር ክርክር በኋላ መብቱን አስጠብቆ ቢወጣ፣ በእጁ የቀረው ወረቀት ብቻ ነው። መድን ሰጪው ይርጋን ካነሳ ክሱ አይራመድም።

እንግዲህ ለነጋዴው የሚበጀው ምንድን ነው? ዕርቅ ከሆነ የወረደው፣ ክሱን ከማንሳት ይልቅ ስምምነቱን ጽፎ፣ መጠኑንና ቀኑን ቆርጦ፣ ፍርድ ቤቱ መዝግቦ ትእዛዝ እንዲሰጥበት መጠየቅ ነው። ባለዕዳው ቃሉን ቢያጥፍ ጉዳዩ በቀጥታ ወደ አፈጻጸም ይሄዳል። ጉድለቱ ክሱ ላይ ከሆነ ደግሞ መጀመሪያ ክሱን ማሻሻል ይቻል እንደሆነ መጠየቅ፤ ካልሆነ የይርጋውን ቀን ቆጥሮ ፈቃድ መለመን ይገባል።

ሽማግሌ ይከበር፤ ዕርቅም ይውረድ። ነገር ግን ሲሮጡ የታጠቁት ሲሮጡ ይፈታልና፣ ችሎት ፊት ቀበቶን ጠበቅ ማድረግ ሽማግሌን መናቅ አይደለም።